ፈቃድ የሚሰጠው በሩ ላይ ነው
(ስለ ትዳር ክርክርና ስለ «መዝገቡ ይዛወርልኝ» ጥያቄ ከመግሪብ ሰላት በኋላ ለጀመዓ የተደረገ ንግግር)

  

ዛሬ ስለ አወሊያም ስለ መጅሊስ ምርጫም ልንናገር አልተነሳንም። የዛሬው ጉዳይ ከአደባባይ ሳይሆን ከየቤታችን የመጣ ነው። ከትግላችን ጋር የሚገናኝበት ቦታ ግን አለ፤ እዚያ ስንደርስ ታዩታላችሁ።

እኛ የመድረሳ አስተማሪዎች ነን። ወላጆች ወደኛ ሲመጡ ልጃቸው የት ሱራ እንደደረሰ ይጠይቁን ነበር። አሁን አሁን ግን መጥሪያ ይዘው የሚመጡ በዝተዋል። «ኡስታዝ፣ ይሄ የሸሪዓው ነው ወይስ የመንግሥቱ?» ይሉናል። ሁለቱም በአዋጅ የቆሙ፣ የሁለቱም ፍርድ የሚፈጸም ፍርድ ቤቶች ናቸው፤ «የኛና የመንግሥት» ብለን መከፋፈላችን ራሱ ብዙ ስሕተት ያመጣል። ከሁሉ በላይ የበዛው ግን ሌላ አቤቱታ ነው። ጉዳዩ በሸሪዓ ፍርድ ቤት ተጀምሮ፣ ቀጠሮ በቀጠሮ ላይ ተደርቦ፣ ውሳኔው ሊደርስ ሲል አንደኛው ወገን «ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይዛወርልኝ» ብሎ ማመልከቻ ያስገባል። በተቃራኒውም አለ፤ በመደበኛው የቤተሰብ ችሎት ተከራክሮ ክርክሩ ሲከብደው «እኔ ሙስሊም ነኝ፣ በሸሪዓ ይታይልኝ» የሚል። ሸሪዓን ያስታወሰው በስንተኛው ቀጠሮ እንደሆነ ልብ በሉ።

በመጀመሪያ ሕጉን እንወቀው። የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን የሚመለከተው አዋጅ ቁጥር 188/1992 ነው። የመጀመሪያ ደረጃ፣ ከፍተኛና ጠቅላይ ተብለው በሦስት እርከን ተዋቅረዋል። ጋብቻን፣ ፍቺን፣ ቀለብን፣ የልጆች ሞግዚትነትን፣ ወቅፍን፣ ሂባን፣ ኑዛዜንና ውርስን ያያሉ። የሚፈርዱት በሸሪዓ ነው፤ የክርክሩ አካሄድ ግን እንደማንኛውም ፍርድ ቤት በሥነ ሥርዓት ሕጉ ይመራል። ይህ ሁሉ የቆመው በአንድ ነገር ላይ ነው፤ በተከራካሪዎቹ ፈቃድ። ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 34 ንዑስ አንቀጽ 5 የግልና የቤተሰብ ጉዳይ በሃይማኖት ሕግ እንዲዳኝ በሩን ሲከፍት በተከራካሪዎቹ ፈቃድ ብሎ ነው።

ፈቃዱ እንዴት ይሰጣል? የአዋጁ አንቀጽ 5 ይህን ይናገራል። ከሳሽ ክሱን ወደ ሸሪዓ ፍርድ ቤት ይዞ ሲመጣ ተከሳሹ መጥሪያ ይደርሰዋል። ቀርቦ «በዚህ ፍርድ ቤት ለመዳኘት አልፈቅድም» ካለ፣ ወይም ፈቃዱ ግልጽ ካልሆነ፣ ፍርድ ቤቱ ራሱ ጉዳዩን ሥልጣን ላለው መደበኛ ፍርድ ቤት ይልከዋል። ምክንያት እንዲደረድር አይገደድም፤ መብቱ ነው። መጥሪያው በአግባቡ ደርሶት ሳይቀርብ የቀረ ሰው ግን እንደፈቀደ ይቆጠራል፤ ክርክሩም እሱ በሌለበት ይታያል። እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይወድቃል። «ካልሄድኩ ምን ያመጣሉ» ብሎ መጥሪያውን ቁም ሳጥን ላይ የጣለ ወንድም፣ ወይም «እዚያ መቅረብ አልፈልግም» ብላ እቤቷ የተቀመጠች እህት፣ ዝም በማለታቸው እምቢ ያሉ ይመስላቸዋል። ሕጉ ዝምታቸውን የሚያነበው እሺ ብሎ ነው።

ከዚያ ወዲህ በሩ ይዘጋል። ሥልጣኑ የተፈቀደለት የሸሪዓ ፍርድ ቤት የያዘው ጉዳይ ወደ መደበኛው አይዛወርም፤ መደበኛው የያዘውም ወደ ሸሪዓው አይመጣም። አዋጁ ይህን ለሁለቱም አቅጣጫ አንድ ላይ ነው የከለከለው። ክልል ላይ ያላችሁ ወንድሞች የየክልላችሁን አዋጅ ጠይቁ፤ ፈቃድ የሚለው መሠረት ግን ከሕገ መንግሥቱ የመጣ ስለሆነ ሁሉንም ይመለከታል።

እንግዲህ ጥያቄ ይነሳል፤ የማይቻል ከሆነ ሰው ለምን ያመለክታል? መልሱን ፍርድ ቤት የተመላለሰ ሁሉ ያውቀዋል። ማመልከቻ ከገባ ሌላው ወገን መልስ ይሰጥ ይባላል። ለመልሱ ቀጠሮ ይሰጣል፣ ብይን ለመስጠት ሌላ ቀጠሮ። ብይኑ ከተሰጠም በኋላ ይግባኝ የሚል አይጠፋም። አመልካቹ መዝገቡ እንደማይዛወር ያውቃል፤ የሚፈልገው ጊዜውን ነው። በዚያ ጊዜ ውስጥ ቤት ኪራይ ይደርሳል፣ ልጅ ይታመማል፣ የሴቲቱ ወንድም ለራፖር ጸሐፊና ለታክሲ ማውጣት ይሰለቸዋል። በመጨረሻ «አላህ ይፈርዳል» ብላ ትተወዋለች። አዎ፣ አላህ ይፈርዳል። ለማን እንደሚፈርድ ግን ማመልከቻውን ያስገባው ሰው ቢያስብበት ጥሩ ነበር።

ይህንን የምንለው ወንዱን ብቻ ለመኮነን አይደለም፤ እንዲህ የሚያደርጉ ሴቶችም አሉ። ግን እውነቱን እንናገር፣ ኪሱ ያለውና ጊዜ የማይጎዳው ብዙ ጊዜ ወንዱ ነው። አላህ (ሱ.ወ.) በሱረቱል በቀራ ስለ ፍቺ ሲያዝ ሴቶችን ለመጉዳት ብላችሁ አታቆዩዋቸው የሚል መልእክት አስተላልፎልናል፤ ይህን ያደረገ ነፍሱን እንደበደለም ነግሮናል። በዚያ ዘመን ማቆየቱ ሊያልቅ ሲል ጦላቁን እየመለሱ ነበር። በኛ ዘመን ማቆየቱ በማኅተም ሆኗል።

ገንዘቡን እንመልከት፣ ምክንያቱም ከክርክሩ አብዛኛው ውስጡ ገንዘብ ነው። በመደበኛው ፍርድ ቤት የሚሠራበት የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ በትዳር ውስጥ የተፈራ ሀብት በመርህ የጋራ ነው ይላል፤ በፍቺ ጊዜ እኩል ይካፈላል። በፊቅሃችን ደግሞ የባል የባል ነው፣ የሚስት የሚስት ነው። ሚስት ያልተከፈላት መህር አላት፣ በዒዳዋ ዘመን የሚገባት ነፈቃ አላት፣ ልጆቿን የምታሳድግበት ሐዷና አላት፣ ለልጆቹ ቀለብ በአባት ላይ አላት። ሁለቱ ፍርድ ቤቶች የተለያየ ቦታ ሊያደርሱ እንደሚችሉ ሁላችንም እናውቃለን። ባልየው ሸሪዓን የሚመርጠው፣ ሚስቲቱም መደበኛውን የምትመርጠው ብዙውን ጊዜ በዚህ የተነሳ ነው።

አሁን አንድ ነገር አስቡ። መርካቶ ውስጥ የሚሠራ አንድ ሰው ሱቁን ሲከፍት ሚስቱ የመህሯን ወርቅ አውጥታ ሰጠችው እንበል። ሸጠው፣ ዕቃ ገዛ፣ ሱቁ አደገ። ከዓመታት በኋላ ሲፋቱ ባል ተነስቶ «በሸሪዓ የባል የባል ነው፣ ሱቁ የኔ ነው» ይላል። ሸሪዓ ግን እዚያ ላይ አያቆምም። ወርቁ የማን ነበር? የሷ። ስትሰጠው በስጦታ ነው፣ በብድር ነው፣ በሽርክና ነው? በደስታ ሳትሰጠው እንኳን መብላቱ ሐራም ነው፤ በሱረቱ ኒሳእ መጀመሪያ ላይ የተቀመጠው ይኸው ነው። በዚያው ሱራ ለአንዲት ሴት የወርቅ ክምር ሰጥታችሁ እንኳን ብትለዩዋት ምንም አትውሰዱባት የሚል አለ። ቃዲ ፊት የቆመ ሰው ይህንን ሁሉ ይዞ ካልቀረበ ሸሪዓን አልጠየቀም፤ የሚስቱን ወርቅ በሸሪዓ ስም ለመሸፈን ነው የፈለገው። በመደበኛው ፍርድ ቤት ያለችም ሴት እንዲሁ ናት፤ ወንድሟ በአማና ያስቀመጠውን ገንዘብ «የጋራ ሀብት ነው» ብላ ብታስመዘግብ ሕጉ ቢሰጣት እንኳን ሐላል አይሆንላትም።

እናታችን ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ.) ያስተላለፉትን ሐዲሥ ታውቁታላችሁ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) እኔ የምፈርደው በሰማሁት ነው፣ ከእናንተ አንዱ ከሌላው ይልቅ ማስረጃውን አሳምሮ ሊናገር ይችላል፣ በዚህም የወንድሙን ሐቅ የፈረድኩለት ሰው ከእሳት ቁራጭ ነው የቆረጥኩለት፣ የሚል መልእክት ነግረውናል። ነቢዩ ራሳቸው ፈርደውለት እንኳን ሐራሙ ሐላል ካልሆነ፣ ችሎት በመቀየር እንዴት ይሆናል?

አሁን ወደ ከበደው ነጥብ እንምጣ፤ ስለ እህቶቻችን ፈቃድ።

እኛ ሙስሊሞች ነን፤ ሙስሊም በትዳሩ በአላህ ሕግ ቢዳኝ እንመርጣለን፣ እንመክራለን፣ እናስተምራለን። በዚህ ላይ ሁለት ቃል የለንም። ነገር ግን መክሮ ማሳመንና አሳፍሮ ማስፈረም አንድ አይደሉም። ሽማግሌ ተብሎ ሄዶ በር ላይ ቆሞ «ፈርሚ እንጂ፣ ሙስሊም አይደለሽም እንዴ?» የሚል አለ። ልጅቷ ታለቅሳለች፣ ትፈርማለች። ያልፈረመችው ደግሞ «ሸሪዓን ጠላች» ተብላ በሰፈሩ ስሟ ይነሳል፤ ጫት ቤት ሳይቀር። ሰዎች ሆይ፣ ኒካሕ ያለ ውዴታ አይጸናም ብለን እናስተምራለን፤ የኒካሑን መጨረሻ የሚወስነውን ፊርማ በእንባ መቀበል ታዲያ ከየት አመጣነው?

የበሪራን ታሪክ አስታውሱ። ባሪያ ነበረች፣ ነፃ ወጣች፤ ነፃ ስትወጣ ከባሏ ከሙጊሥ ጋር መቆየት ወይም መለየት ለሷ ተሰጠ። መለየትን መረጠች። ሙጊሥ በመዲና መንገድ ላይ እያለቀሰ ይከተላት ነበር፤ እንባው ጢሙ ላይ ይወርድ ነበር። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) አዘኑለትና ብትመለሽለት ምን አለ ብለው ጠየቋት። እሷም ትእዛዝ ነው ወይ አለች። እሳቸው አይደለም፣ አማላጅ ነኝ አሏት። እንግዲያውስ አልፈልገውም አለች። ከሰው ልጅ ሁሉ በላጭ የሆኑት ሽማግሌ ለመኗት፣ እምቢ አለች፣ ማንም ሃይማኖቷን አልነካም። የኛ ሽማግሌ ከሳቸው ይበልጣል? ትእዛዝና ምልጃ መለየታቸውን ባሪያ የነበረች ሴት ጠይቃ አወቀች፤ እኛ ግን ለእህቶቻችን ይህን እንኳን አንነግራቸውም።

አንዲት እህት መደበኛውን ፍርድ ቤት ስትመርጥ ሁልጊዜ ዲኗን ንቃ አይደለም። የሸሪዓው ፍርድ ቤት ኹልዕ እንደሚፈቅድላት፣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) የሣቢት ኢብኑ ቀይስን ሚስት የተሰጣትን የአትክልት ቦታ መልሳ እንድትለይ እንደፈረዱላት፣ ጉዳት ከደረሰባት ቃዲው ሊያፋታት እንደሚችል የነገራት ሰው የለም። የሰማችው «እዚያ የሚሰሙት ወንድን ነው» የሚል ብቻ ነው። ይህን ወሬ የምናጠፋው ቀጠሮዋ ሳይደርስ በማስተማር ነው።

ፈቃድ ያልሰጠን ሰው በግድ መያዝ የት እንደሚያደርስም ታይቷል። በአንድ የውርስ ክርክር ላይ አንዲት ሙስሊም ሴት በሸሪዓ ፍርድ ቤት አልዳኝም ብላ ተቃወመች፤ ተቃውሞዋ ሳይሰማ ጉዳዩ ቀጠለ፣ እስከ ላይ ድረስ ጸና። በመጨረሻ የፌዴሬሽን ምክር ቤት በ1996 የሕገ መንግሥት ጥያቄ ነው ብሎ አየው፤ ያለ ፈቃዷ የተሰጠው ውሳኔ ከአንቀጽ 34 ጋር ይጋጫል ብሎ ሻረው። ጉዳዩ የትዳር ባይሆንም መሠረቱ አንድ ነው። ያን ሁሉ ዓመት የባከነው የሷ ብቻ አይደለም፤ የተከራካሪዎቿም፣ የቃዲዎቹም ነው። ፍርድ ቤታችንን የሚጠሉ ሰዎችም እስከዛሬ እያነሱ የሚናገሩት ያንን ነው።

ከትግላችን ጋር ይገናኛል ያልነው እዚህ ላይ ነው። አንዳንድ ወንድሞች እንዲህ ይሉን ነበር፦ «ቃዲዎችን ለሹመት የሚያቀርበው መጅሊስ ነው፤ ይህን መጅሊስ አልመረጥነውም፣ ስለዚህ ጉዳዬን ከዚያ አወጣለሁ።» የመጀመሪያው ክፍል እውነት ነው። በአዋጁ መሠረት ቃዲዎች የሚሾሙት በመጅሊሱ አቅራቢነት ነው፤ ሹመቱን የሚሰጠው የፌዴራል ዳኞች አስተዳደር ጉባኤ ነው። መስከረም 27 ቀን 2005 በቀበሌ የተደረገውን ምርጫ ሕዝበ ሙስሊሙ እንዴት እንዳየው አስረጂ አያስፈልገውም። በዚህ ምክንያት እምነት ያጣ ሰው በመጀመሪያው ቀን ቀርቦ «አልፈቅድም» ካለ መብቱን ተጠቀመ፤ አንነቅፈውም።

ነገር ግን ፈቅዶ ገብቶ፣ ተከራክሮ፣ ለልጆቹ በወር ይህን ያህል ቁረጥ ከተባለ በኋላ መጅሊሱ ትዝ የሚለው ሰው ትግላችንን ከቀለብ መሸሻ ጃንጥላ አድርጎታል። ወንድሞቻችን የታሰሩት ለዚህ አይደለም። በጁምዓ ድምፃችን ይሰማ ብለን እጃችንን አንስተን፣ ሰኞ ችሎት ላይ የአንዲት ሴት ድምፅ እንዳይሰማ የምናደርግ ከሆነ ጥያቄያችንን በገዛ እጃችን እናራክሰዋለን።

ፍርድ ቤቱንም ከመጅሊሱ ጋር አንድ አድርገን አንጣለው። ይህ በአንድ ቀን የተገኘ አይደለም። በ1936 የቃዲና የናኢባ ምክር ቤቶች አዋጅ ወጣ። በ1952 የፍትሐ ብሔር ሕጉ ሲወጣ ለሸሪዓ ቦታ አልሰጠውም፤ ቃዲዎቻችን ግን ሥራቸውን አላቆሙም፣ ሕዝቡም ወደነሱ መሄዱን አልተወም። ሚያዝያ 12 ቀን 1966 አባቶቻችንና እናቶቻችን በአዲስ አበባ አደባባይ ወጥተው የእኩልነት ጥያቄ አነሱ። ሕገ መንግሥቱ በ1987 ሲጸድቅ በአንቀጽ 78 ቀድሞ እውቅና ኖሯቸው ይሠሩ የነበሩት የሃይማኖት ፍርድ ቤቶች እንዲደራጁ ተደረገ። ከዚያም 1992 አዋጁ መጣ። መጅሊስ ይመጣል፣ ይሄዳል። ቃዲዎች ጀመዓው በሚያውቃቸው ዑለሞች በኩል ተመርጠው ይቅረቡልን ብሎ መጠየቅ ተገቢ ጥያቄ ነው፤ በሰላማዊ መንገድ እንጠይቃለን። ወንበሩን ባዶ አድርጎ መሄድ ግን ለማን ነው የሚጠቅመው?

የሚያሠጋችሁ አንድ ቃዲ ከሆነ ደግሞ ፍርድ ቤቱን ሁሉ መሸሽ የለባችሁም። የሌላው ወገን የሥጋ ወይም የጋብቻ ዘመድ ከሆነ፣ በዚሁ ጉዳይ ቀድሞ ዳኛ ወይም አስታራቂ ሆኖ ከነበረ፣ ከአንዳችሁ ጋር ሌላ ክርክር ካለው፣ ዳኛው ይነሳልኝ ብሎ ማመልከት በሥነ ሥርዓት የታወቀ ነው። ይህም ቢሆን ምክንያቱ እንደታወቀ ወዲያው ይቀርባል እንጂ ብይን ከከፋ በኋላ የሚመዘዝ አይደለም።

ስለ ልጆቹ ትንሽ እንበል። ወላጆቹ የሚከራከሩበትን ልጅ እኛ አስተማሪዎች ሳይነገረን እናውቀዋለን። የቀጠሮ ቀን አይመጣም፣ ወይም ማን እንደሚወስደው ሳያውቅ ከዐስር በኋላ በር ላይ ይቀመጣል። ትናንት በቃሉ የያዘውን ዛሬ ይረሳዋል። መዝገቡ ስድስት ወር ሲጓተት በማመልከቻው ላይ የሚነበበው «አመልካች» እና «ተጠሪ» ብቻ ነው፤ የዚህ ልጅ ስም የትም የለም።

ሱረቱ ኒሳእ ላይ አላህ (ሱ.ወ.) በባልና ሚስት መካከል መለያየት ሲፈራ ከሱ ቤተሰብ አንድ፣ ከሷ ቤተሰብ አንድ ሽማግሌ እንዲላክ አዟል። ሁለት ናቸው፤ አንዱ የሷ ነው። የኛ ሽምግልና ብዙ ጊዜ አምስት ሰው ሆኖ አምስቱም የባልየው ጓደኞች ናቸው። ይህን ከዚህ መስጊድ ጀምረን እናስተካክል። ሽማግሌ ሲሰየም የሴቷ ወገን የመረጠው ሰው ካልተቀመጠ አትሂዱ። የፍርድ ቤት ፈቃድ ማስፈረም ደግሞ ጨርሶ የሽማግሌ ሥራ አይደለም፤ እሱ በችሎት በገዛ አንደበቷ የምትናገረው ነው።

በመጨረሻ ለሥራ የሚሆነውን እንንገራችሁ። መጥሪያ የደረሳችሁ፣ መጀመሪያ ከላይ የተጻፈውን የፍርድ ቤቱን ስም አንብቡ ወይም አስነብቡ፤ የሸሪዓ ነው ወይስ መደበኛ። ቀጥሎ የቀጠሮውን ቀንና ሰዓት። ብትፈቅዱም ባትፈቅዱም በቀኑ ቅረቡ። መፍቀዳችሁን ወይም አለመፍቀዳችሁን በግልጽ ተናገሩ፤ መዝገብ ላይ መጻፉንም አረጋግጡ። ከመፍቀዳችሁ በፊት ቤታችሁ ገብታችሁ ኢስቲኻራ ስገዱ፣ የሚያውቅ ሰው አማክሩ፤ ከፈቀዳችሁ በኋላ እስከ መጨረሻው ጽኑበት። ክስ የምትመሠርቱም ብትሆኑ የት እንደምትከፍቱ ከመወሰናችሁ በፊት ጠይቁ። የኒካሕ ወረቀታችሁን፣ መህሩ የተጻፈበትን፣ የልጆቹን የልደት ካርድ ኮፒ አድርጋችሁ ያዙ። የኒካሕ ወረቀት የሌላችሁ፣ ኒካሑ ላይ የነበሩትን ምስክሮች ስም አሁኑኑ ጻፉ፤ ሰው ይሞታል፣ ሰው አገር ይለቃል።

ቅዳሜ ከዐስር ሰላት በኋላ በመድረሳው ክፍል ሁለት ሕግ የሚያውቁ ወንድሞችና አንድ እህት ይቀመጣሉ። ለእህቶች በኋላው በር በኩል የተለየ ክፍል ተዘጋጅቷል፤ ከባል ወይም ከወንድም ጋር መምጣት ግዴታ አይደለም። ክፍያ የለውም። መጥሪያችሁን ሳትቀዱ ዋናውን ይዛችሁ ኑ፤ የቀጠሮው ጠዋት ድረስ አትጠብቁ። የቀጠሮ ቀን ልጆቻችሁን የሚወስድ ሰው ከሌላችሁ ደግሞ ቀድማችሁ ንገሩን፤ እስከ መግሪብ እዚሁ ከኛ ጋር ይቆያሉ።